የመርካቶ ደላላ ቢዋሽ ይባረራል፤ የቴሌቪዥን ተንታኝስ?

ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ከአውቶቡስ ተራ ጀርባ ካሉት የኳስ ማሳያ ቤቶች አንዱ ገብቶ የተቀመጠ ሰው አንድ ነገር ሳያስተውል አይወጣም። የእንግሊዝ ፕሪሚየር ሊግ እየታየ ነው። ኮሜንታተሩ በእንግሊዝኛ ይለፈልፋል፤ ቤቱ ግን የራሱ ኮሜንታተሮች አሉት። ገመዱን ትከሻው ላይ የጣለ ተሸካሚ፣ ሱቁን ለወንድሙ አደራ ብሎ የመጣ ነጋዴ፣ የሰባተኛ ልጅ፣ የአብነት ልጅ፣ ሁሉም ይናገራል፣ ሁሉም ያርማል። ዕረፍት ሲሆን የቤቱ ባለቤት ሪሞቱን አንሥቶ ወደ አገር ውስጥ ጣቢያ ይቀይራል። ኮት የለበሱ ሦስት ሰዎች ጠረጴዛ ከበው ይተነትናሉ። በዚህ ጊዜ ሻይ ይታዘዛል፣ ሒሳብ ይከፈላል፣ ስልክ ይደወላል። ተንታኞቹን የሚሰማ የለም።

ለምን?

ሚዲያው አካባቢ የተለመደው መልስ «ሕዝባችን ትንታኔ አይወድም፣ ጩኸት ነው የሚወደው» የሚል ነው። ይህ ስድብ ነው፤ ከስድብነቱ በላይ ደግሞ ስህተት ነው። ይህ ሕዝብ ቴሌቪዥን ላይ የሚናገር ሰው አፍቅሮ ያውቃል። ያውም የአንዱን ሰው ድምፅ ወደ አርባ ዓመት ለሚጠጋ ጊዜ ጆሮው ውስጥ አስቀምጦ ኖሯል። ሰውየው ደምሴ ዳምጤ ነው።

ለወጣት አንባቢ ነገሩን ባጭሩ ማስታወስ ያስፈልጋል። ታኅሣሥ 1980 ዓ.ም. አዲስ አበባ የምሥራቅና መካከለኛው አፍሪካ ዋንጫን፣ ሴካፋን፣ አስተናገደች። ለፍጻሜ የደረሱት ኢትዮጵያና ዚምባብዌ ነበሩ። አሠልጣኙ መንግሥቱ ወርቁ ነው፤ የ1954ቱን የአፍሪካ ዋንጫ በተጫዋችነት ያነሣው መንግሥቱ። ሜዳ ላይ እነ ሙሉጌታ ከበደ አሉ። የገብረመድኅን ኃይሌ ጎል ጨዋታውን 1 ለ 1 አደረገችው፤ በመለያ ምት ኢትዮጵያ 5 ለ 4 አሸነፈች። ለሀገሪቱ የመጀመሪያው የሴካፋ ዋንጫ ነበር። ያን ቀን በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ጨዋታውን ያስተላለፈው ደምሴ ዳምጤ ነው። ያ ድምፅ ዛሬም ከስልክ ስልክ ይዘዋወራል፤ ጨዋታው ሲካሄድ ያልተወለዱ ልጆች ሳይቀሩ ያውቁታል።

ብዙ ሰው ደምሴን የሚያስታውሰው በዚያች ጎል ጩኸት ብቻ ነው። ይህ ለሰውየው ፍትሐዊ አይደለም። ጎል ሲገባ መጮህ ማንም ይችላል፤ የማሳያ ቤቱ ተሸካሚም ይችላል። የደምሴ ሥራ ያለው ጎል ባልገባባቸው ደቂቃዎች ውስጥ ነው።

እስቲ የዚያን ዘመን ተመልካች እናስበው። የቀለም ሥርጭት የተጀመረው በ1977 ነው፤ ነገር ግን ጣቢያው ቀለም ጀመረ ማለት ሕዝቡ ቤት ያለው ሳጥን ቀለም ሆነ ማለት አልነበረም። በብዙው ቤት ያለው ጥቁርና ነጭ ነው። ጥቁርና ነጭ ላይ አረንጓዴም ቀይም ማልያ ግራጫ ነው። ቴሌቪዥን ያለው ቤት ደግሞ ጥቂት ነው፤ ጎረቤት ተጠራርቶ አንድ ሳሎን ይሞላል፤ የቀበሌ አዳራሽ ውስጥ አንድ ሳጥን ፊት ሰፈሩ ሁሉ ይቆማል። ከኋላ የቆመው የሚያየው የፊተኛውን ሰው ማጅራት ነው። መርካቶ ደግሞ ሱቁን ዘግቶ መሄድ ያልቻለው ባለሱቅ ከጎረቤት የሚመጣውን ድምፅ በግድግዳ በኩል ይሰማል። ስለዚህ የቴሌቪዥን ኮሜንታተር የሚባለው ሰው ለሚያይ ብቻ ሳይሆን ለማያይም ይናገር ነበር። ኳሷ ማን እግር ላይ እንዳለች፣ በየትኛው መስመር እንደምትሄድ፣ ስንት ደቂቃ እንደቀረ መናገር ግዴታው ነበር። ስም ካልጠራ፣ ለግማሹ ተመልካች ጨዋታ የለም።

ሌላም ነገር አለ፤ የፖለቲካ ነገር ለሚከታተል አንባቢ ይህኛው ይበልጥ ሳይጥመው አይቀርም። ዘመኑ የሳንሱር ዘመን ነው። ዜና ተጽፎ፣ ታይቶ፣ ተፈቅዶ ነው የሚነበበው። ዘፈን ተደምጦ፣ ድራማ ተገምግሞ ነው የሚያልፈው። አስቀድሞ ማስፈተሽ የማይቻለው ኳስ ብቻ ነው። የ60ኛውን ደቂቃ ጽሑፍ ለማንም ማቅረብ አይቻልም፤ 60ኛው ደቂቃ ገና አልመጣማ! በዚያ ስክሪን ላይ ከወረቀት ሳያነብ፣ ያየውን በሰዓቱ የሚናገር ሰው ብርቅ ነበር። ሕዝቡ ለኮሜንታተሩ የሰጠው ፍቅር ለኳስ ብቻ የተሰጠ አይመስልም። ያልተጻፈ ቃል የሚናገር ሰው ማየትም ራሱ ደስታ ነበረው።

ደምሴ ገለልተኛ ነበር ወይ ቢባል፣ አልነበረም። ኢትዮጵያዊ ነበር፤ ኢትዮጵያ እንድታሸንፍ ይፈልግ ነበር፤ ፍላጎቱንም አልደበቀም። ግን ወገንተኝነቱ በግልጽ የተቀመጠ ነው፤ የሚናገረው ነገር ደግሞ ሌላ በአስር ሺዎች የሚቆጠር ሰው በዓይኑ የሚያየው ነገር ነው። ስታዲየም የነበረ ሰው ማታ ሰፈሩ ይመለሳል፤ ጠዋት ሸማ ተራ ሱቁን ይከፍታል። ኮሜንታተሩ ያልነበረ ነገር ቢናገር፣ የአንዱን ስም ለሌላው ቢሰጥ፣ ጠዋት ቡና ላይ ይታረማል። የደምሴ ክብር የመጣው ሊታረም ከሚችልበት ቦታ ላይ ቆሞ ስለተናገረ ነው።

የዛሬው ተንታኝ የቆመበት ቦታ ሌላ ነው። ልዩነቱን ለመረዳት የመርካቶን ደላላ ማየት ይበቃል።

መርካቶ ውስጥ ደላላ ሀብቱ ምላሱ ነው። ሱቅ የለውም፣ መጋዘን የለውም። «ያ ዕቃ እዚያ ቤት በዚህ ዋጋ አለ» ይላል፤ ገዢው ከክፍለ ሀገር መጥቷል፣ ጊዜ የለውም፣ አምኖ ይሄዳል። ዕቃው ካለ ደላላው ድርሻውን ያገኛል። ከሌለ አንድ ጊዜ ይቅር ይባላል፤ ሁለተኛ ጊዜ ይሰደባል፤ ሦስተኛ ጊዜ የሚደውልለት የለም። ክስ የለም፣ ኮሚቴ የለም። ስሙ ከተራ ተራ ይዞራል፣ አለቀ። ሰው በቃል ብቻ ብዙ ብር በሚያንቀሳቅስበት ገበያ ይህ ሥርዓት ባይኖር ገበያው ራሱ አንድ ሳምንት አይቆምም ነበር።

የቴሌቪዥን ተንታኝ ላይ ይህ አይሠራም። መስከረም ላይ «ይህ ክለብ ሻምፒዮን ነው» ያለ ሰው ሰኔ ላይ ክለቡ መሐል ሰፋሪ ሆኖ ሲጨርስ እዚያው ወንበር ላይ ተቀምጦ ለምን እንዳልሆነ ያስረዳል። ያለፈውን ንግግሩን አውጥቶ «ያኔ እንዲህ ብለህ ነበር» የሚለው የለም። አቅራቢው ባልደረባው ነው፤ እንግዳው ጓደኛው ነው። መሳሳት የተከለከለ አይደለም። ደላላም ይሳሳታል። ግን ደላላው ሲሳሳት ኪሱ ያውቃል፤ ተንታኙ ሲሳሳት የሚያውቀው ተመልካቹ ብቻ ነው፤ እሱም መናገሪያ የለውም፤ ያለው ሪሞት ነው።

የዚህ ዋጋ ምን ያህል እንደሆነ ሰኔ 2005 ዓ.ም. ታይቷል። ብሔራዊ ቡድኑ ከ31 ዓመት በኋላ ወደ አፍሪካ ዋንጫ የተመለሰበት ዓመት ነው። ሱዳንን አዲስ አበባ ላይ 2 ለ 0 የረታበት፣ ደቡብ አፍሪካ ላይ በአሥር ሰው ከዛምቢያ ጋር 1 ለ 1 የወጣበት፣ አሠልጣኝ ሰውነት ቢሻው በየቤቱ ስማቸው የተጠራበት። ሰኔ 1 ቀን ቡድኑ ለዓለም ዋንጫ ማጣሪያ ቦትስዋናን በሜዳዋ 2 ለ 1 አሸነፈ። ሰኔ 9 ቀን ደግሞ ደቡብ አፍሪካን አዲስ አበባ ላይ 2 ለ 1 ረታ። ከተማው አበደ። መርካቶ ጥሩምባ በጥሩምባ ሆነ። በዚያው ዕለት ፊፋ ጉዳዩን እየመረመረ መሆኑን አስታወቀ፦ ምንያህል ተሾመ በሁለት ቢጫ ካርድ ምክንያት ማረፍ ሲገባው ከቦትስዋና ጋር ተሰልፏል። ፌዴሬሽኑ ስህተቱን አመነ። የቦትስዋናው ድል ወደ 3 ለ 0 ሽንፈት ተቀየረ፤ ሦስት ነጥብ ሄደ። ቡድኑ በኋላ ምድቡን በመሪነት ቢጨርስም በመጨረሻው ማጣሪያ በናይጄሪያ ተሸንፎ ወጣ።

ጥፋቱ የፌዴሬሽኑ ነው፤ ይህ አያከራክርም። ግን ስንት ሰዓት ስለዚያ ቡድን በስክሪንና በኤፍኤም ተወርቷል? ስንት ምሽት ስለ አሰላለፍ ተተንትኗል? ሕዝቡ ግን የቢጫ ካርዱን ነገር የሰማው ዙሪክ ካለው ቢሮ ነው። አንድ ተጫዋች ስንት ካርድ እንዳለበት መቁጠር የኮሜንታተር የመጀመሪያ ክፍል ትምህርት ነው። የእንግሊዝ ወይም የስፔን ተላላፊ ጨዋታ ከመጀመሩ በፊት አስተላላፊው «እገሌ ዛሬ ቢጫ ካየ ቀጣዩ ጨዋታ ያልፈዋል» ብሎ ይጀምራል፤ ማሳያ ቤቱ ውስጥ ያለ ልጅ ሁሉ ይህን ያውቃል። የራሳችን ቡድን ላይ ሲደርስ ስሜት ነበር፤ ሒሳብ አልነበረም።

ሒሳብ የሚይዝ ሰው ጠፍቶ አይደለም። በ2016 ያረፈው ገነነ መኩሪያ፣ ብዙው ሰው በጋዜጣው ስም «ሊብሮ» ብሎ የሚጠራው፣ እንዲህ ያለ ሰው ነበር። ካሜራ ፊት ሲቀርብ ድምፁን ከፍ አያደርግም። የተጫዋች ስም፣ ዓመት፣ ማን ለማን አቀብሎ እንዴት እንደገባ ይናገራል፤ ከኳሱ አልፎ ሰፈሩን፣ ዘመኑን፣ ፖለቲካውን ያነሣል። «ኢሕአፓ እና ስፖርት» የሚል መጽሐፍ የጻፈ ሰው ነው፤ ኳስ ሜዳና አብዮት በአንድ ሰፈር ልጆች ሕይወት ውስጥ እንዴት እንደተገናኙ ያውቃል። የሱ ንግግር ሊመረመር የሚችል ንግግር ነው። ዓመተ ምሕረት የጠራ ሰው ራሱን ለእርማት አሳልፎ ሰጥቷል። «በአንድ ወቅት» የሚል ሰው ግን ምንጊዜም አይሳሳትም።

ለዛሬዎቹም ፍትሕ ይሁን። ከደምሴ ዘመን ሰዎች ይልቅ ስለ ጨዋታው ቴክኒክ የሚያውቁ ወጣቶች አሉ። አጨዋወት ይገባቸዋል፣ የውጭ ቋንቋ ያነባሉ፣ መረጃ በእጃቸው ነው። በ1980 አንድ ጣቢያ ብቻ ነበር፤ ሰው ደምሴን የሰማው አማራጭ ስላልነበረውም ጭምር ነው፤ ያን ዘመን እንደ ገነት መሳል ቀልድ ነው። የሚከፈላቸውም ገንዘብ ስንት ሰዓት ተዘጋጅተው እንዲመጡ የሚያስችል ላይሆን ይችላል። ይህ ሁሉ እውነት ነው። ነገር ግን እውቀት ያለው ሰው ለእውቀቱ ሳይጠየቅ ሲቀር እውቀቱ ቶሎ ይሰንፋል።

በዚህ ላይ ደግሞ ውርርድ መጣ።

ነገሩ የጀመረው እንደ ጨዋታ ነው። ዛሬ ግን መርካቶ ውስጥ ጠዋት ጭነት አውርዶ ያገኛትን ብር ከሰዓት የውርርድ ቲኬት ላይ የሚያስቀምጥ ልጅ ማግኘት ከባድ አይደለም፤ ቤቱ ሲዘጋ በስልክ ይቀጥላል። ይህ ልጅ ተንታኙን የሚሰማው ለጨዋታው ውበት አይደለም። የነገውን ውጤት ሊያውቅ ነው። ተንታኙም ይህን ያውቃል፤ ጣቢያውም ያውቃል። ስለዚህ ትንታኔው ቀስ በቀስ ግምት ሆነ፤ «ማን ያሸንፋል? ስንት ለስንት?» ከዚያ በመሐል የአወራራጁ ድርጅት ማስታወቂያ ይገባል፤ አንዳንዴም ማስታወቂያውን የሚያነበው ያው ግምቱን የሰጠው ሰው ነው። ልጁ ሲሸነፍ ድርጅቱ ያተርፋል፣ ድርጅቱ ሲያተርፍ ፕሮግራሙ ስፖንሰር ያገኛል፣ ፕሮግራሙ ስፖንሰር ሲያገኝ ተንታኙ ወንበሩ ይጸናል። በዚህ ሰንሰለት ውስጥ ትክክል መናገር የሚጠቅመው ማንን ነው? መርካቶ ውስጥ ከገዢም ከሻጭም ተደብቆ ገንዘብ የሚበላ ደላላ ስም አለው። ስሙ እዚህ አይጻፍም፤ ግን ተራው ሁሉ ያውቀዋል።

«ይህ ኳስ ነው፣ ምን ያስጨንቃል?» የሚል ይኖራል። የሚያስጨንቀው ወንበሩ ከስፖርት ክፍል ወጥቶ ወደ ሌላው ስቱዲዮ መግባቱ ነው። የፖለቲካ ተንታኝ፣ የኢኮኖሚ ተንታኝ፣ የጸጥታ ተንታኝ የሚባለው ሁሉ ያንኑ የኳስ ጠረጴዛ ወርሷል። በ2017 ኅዳር ላይ በደረሰኝ ቁጥጥር የተነሣ መርካቶ ውስጥ ብዙ ሱቆች ተዘግተው ሲውሉ፣ ስክሪን ላይ ስለ መርካቶ ነጋዴ ብዙ ተባለ። አንዱ ግብር ሰዋሪ አደረገው፤ ሌላው ንጹሕ በግ አደረገው። ጅምላ አከፋፋዩ ደረሰኝ ሳይሰጠው ዕቃ የሚረከብ ቸርቻሪ፣ ለገዢው ደረሰኝ ቁረጥ ሲባል መነሻውን ከየት እንደሚያመጣ ሱቁ ድረስ ሄዶ የጠየቀ ተንታኝ ግን እንደ ጉዳዩ ክብደት አልታየም። ከጠረጴዛው እስከ ምን አለሽ ተራ በታክሲ የስንት ደቂቃ መንገድ ነው? ደምሴ ዳምጤ ስታዲየም ሳይገባ ስለ ጨዋታው ቢያወራ ኖሮ ማን ይሰማው ነበር?

የሚጠየቀው ነገር ብዙ አይደለም። ጣቢያዎች የተንታኞቻቸውን ያለፈ ግምት በዓመት አንድ ጊዜ እንኳ አውጥተው፣ ከነቀኑ፣ ራሳቸው ፊት ያሳዩ፤ ተመልካቹም ማን ስንቱን እንደመታ ይይ። ያፈረ ይዘጋጃል፤ ያላፈረ ይታወቃል። የውርርድ ድርጅት ገንዘብ የሚበላ ፕሮግራም ላይ የተቀመጠ ሰው ግምት ከመስጠቱ በፊት ገንዘቡ ከየት እንደሚመጣ ይናገር፤ ከዚያ ልጁ እያወቀ ያስይዝ። የብሔራዊ ቡድኑን ጨዋታ የሚያስተላልፍ ሰው ደግሞ የእያንዳንዱን ተጫዋች ካርድ ቆጥሮ ማይክ ፊት ይቀመጥ።

አንድ ነገር ደግሞ ከኢቢሲ። የ1980ውን ጨዋታ በተነሣ ቁጥር የሚታየው ያችው ጎልና ያችው ጩኸት ናት፤ የጥቂት ሰከንድ ነገር። ለወጣት ኮሜንታተሮች የሚጠቅመው ያ አይደለም። ከመዝገብ ቤት ተፈልጎ ረጅሙ ሥርጭት ይውጣ፤ ኳሷ መሐል ሜዳ ላይ ስትንከባለል፣ ምንም በማይሆንባቸው ደቂቃዎች፣ ደምሴ ዳምጤ ከኋላ ቆሞ ስክሪኑን ለማያየው ሰው ምን ምን እያለ እንደነበር ይሰማ።